ረዳት መሆን ውርደት ነውን?

ላንቻ፣ ስሙ ራሱ የኢጣልያንን መኪና የሚያስታውሰን ሰፈር፣ ለያዝነው ክርክር ጥሩ ምስክር ነው። በዚያ መንገድ የሚያልፈውን የጭነት መኪና የሚነዳው ሰው አብዛኛውን ጊዜ መሪ ከመጨበጡ በፊት ጎማ ሲፈታ፣ ጭነት ሲያስር፣ በዳገት ላይ ታኮ ሲያደርግ ኖሯል። ረዳት በመሆኑ የሚያፍር ሹፌር አላየንም። በሲኒማችን ግን ነገሩ ተገልብጧል። በሁለት ፊልም ፊቱ የታወቀ ተዋናይ በሦስተኛው አዘጋጅ ለመባል ይቸኩላል፤ ረዳት አዘጋጅ ሁን ቢሉት የተሰደበ ይመስለዋል።

ጀርመኖች ይህን ሥራ አልናቁትም። በትያትር ቤቶቻቸው ረዳት አዘጋጅ ደመወዝ የሚቈረጥለት ሠራተኛ ነው፤ በልምምድ ጊዜ ተዋናዩ ከየት ተነሥቶ የት እንደሚቆም በመዝገብ ይጽፋል፤ አዘጋጁ በሌለበትም ጨዋታው መልኩን እንዳይለውጥ ይጠብቃል። በፊልም ደግሞ የየዕለቱን የቀረጻ ተራ ያወጣል፤ ከዋናዎቹ ተዋንያን ኋላ የሚታየውንም ሕዝብ ያሰልፋል። ፍሪድሪሽ ሙርናው በበርሊን በማክስ ራይንሃርት ዘንድ ተዋናይም ረዳትም ነበር፤ «ኖስፌራቱ»ን በ1922 (እንደ አውሮፓ አቈጣጠር) ያዘጋጀው ከዚያ ልምድ በኋላ ነው።

«የእኛው ኃይሌ ገሪማስ?» የሚል ተከራካሪ አይጠፋም። እውነት ነው፤ በ1967 ወደ ቺካጎ የሄዱት የትወና ትምህርት ፈልገው ነበር፤ ኋላ ወደ አዘጋጅነት ዞረው «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት»ን በ1976፣ ከጀርመኖች ጋራ በትብብር የተሠራውን «ጤዛ»ን በ2008 ለሕዝብ አቀረቡ። ነገር ግን በመካከሉ በሎስ አንጀለስ፣ በካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ ፊልም የተማሩባቸውን ዓመታት ስለ ምን እንዘላለን? ያ ወንበር ለሁሉ አይደርስም። የረዳት ቦታ ግን ፊልም በተሠራ ቍጥር ሊከፈት ይችላል።

አዘጋጆቻችንም ከወቀሳ አያመልጡም። ረዳት ብለው የወሰዱትን ሰው ውሃ አምጪና ስልክ ደዋይ የሚያደርጉ፣ ድካሙ ሲያልቅ ስሙን የሚዘነጉ አሉ። ከእንዲህ ያለው ረዳትነት ተዋናዩ ቢሸሽ አንፈርድበትም። እኛ የምንሻው ረዳት የድርሰቱን ቅጂ በእጁ የያዘ፣ ውል የፈረመ፣ አንድ ትዕይንት እንኳ በአዘጋጁ ፊት ራሱ እንዲመራ የተፈቀደለት ነው። ለፊልም ፈቃድና ድጋፍ የሚሰጡ ሹማምንትም ማመልከቻው ሲቀርብላቸው የአዘጋጁን ስም ብቻ አይቈጥሩ፤ የረዳቱን ውል አብረው ይጠይቁ።