ሰሊጥ የጊዜ ቀጠሮ አይጠብቅም

ለምዕራብ ጎንደር ዞን የፖሊስ መርማሪዎችና ዐቃብያነ ሕግ፤
በያላችሁበት



በመተማም ሆነ በቋራ፣ በምዕራብ አርማጭሆም ሆነ በአዳኝ አገር ጫቆ፣ ጎረቤቱን ከማሳው ሊያስነቅል የፈለገ ሰው ክርክሩን መርታት አያስፈልገውም። አዝመራ ሲደርስ ፖሊስ ጣቢያ ሄዶ «ሰሊጤን ሰረቀኝ»፣ «ይዞታዬ ገብቶ ሁከት ፈጠረብኝ»፣ «በመሣሪያ ዛተብኝ» ካለ ይበቃዋል። ሰሊጥ ደርሶ በቀናት ውስጥ ካልታጨደ ፍሬው እየተከፈተ መሬት ላይ ይረግፋል። ሕገ መንግሥቱ የተያዘ ሰው በ48 ሰዓት ውስጥ ፍርድ ቤት ይቅረብ ይላል፤ የጉዞው ጊዜ ግን አይቆጠርም፣ የቋራን መንገድ ደግሞ ታውቁታላችሁ። ቀጥሎ በ1954ቱ የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕግ መሠረት እስከ 14 ቀን የሚደርስ የጊዜ ቀጠሮ ይጠየቃል። ለምርመራ 14 ቀን አጭር ነው፤ ለሰሊጥ አጨዳ ግን የዓመቱ ልፋት ሁሉ እዚያ ውስጥ ነው። ተጠርጣሪው «ማስረጃ አልተገኘበትም» ተብሎ ሲለቀቅ አዝመራው ወይ ረግፏል፣ ወይ አመልካቹ አስገብቶታል።

«ሰረቀኝ» የሚለውን አቤቱታ እስቲ ቆም ብለን እንየው። ሰው የራሱን ሰብል አይሰርቅም። እንግዲያው ሌባ ከመባሉ በፊት ማሳው የማን እንደሆነ፣ የዘራውም በምን ውል እንደሆነ መታወቅ አለበት። በኪራይ ነው ወይስ በእኩል? ውሉ መቼ አበቃ? የይዞታ ደብተሩ በሟች አባት ስም ከሆነ ወራሹ ማን ነው? ከ1995 ዓ.ም. ጀምሮ በሰፈራ የመጣው፣ ከዚያ በፊት የነበረው ነባር ነዋሪና ሰፊ እርሻ የተከራየው ባለሀብት ወሰን ለወሰን በሚገፋፉበት ቆላ እነዚህ ጥያቄዎች ቀላል አይደሉም። ተጠርጣሪው እጅ ላይ ካቴና ያጠለቀ መርማሪ ግን ሁሉንም መልሷቸዋል፤ ያውም ሌላኛውን ወገን ሳይሰማ።

ሕጉ በር አልዘጋም። የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ በቁጥር 1149 ይዞታው የተነጠቀበት ወይም የታወከበት ሰው በሁለት ዓመት ውስጥ እንዲከስ ይፈቅዳል። የክልሉ የገጠር መሬት አዋጅ ቁጥር 252/2009ም ለሽምግልና ቦታ ሰጥቷል፤ ካልሆነ የወረዳ ፍርድ ቤት አለ። ታዲያ ሰው ለምን ወደ እናንተ ይሮጣል? የፍትሐ ብሔር ክስ ይዘገያል፣ ዳኝነት ያስከፍላል፣ ቢሸነፉ ደግሞ ኪሳራ አለው። በወንጀል ግን ደካሚው መንግሥት ነው፤ አመልካቹ የሚያወጣው ቃሉን ብቻ ነው። ይህ የእኛ ብቻ ችግር አይደለም። የሕንድ ጠቅላይ ፍርድ ቤት እ.ኤ.አ. በ2006 የፍትሐ ብሔር ክርክርን በወንጀል ክስ ማስጨነቂያ የማድረግ ልማድ ሊገታ እንደሚገባ ሲያስጠነቅቅ ከምክንያቶቹ አንዱ አድርጎ የጠቀሰው ይህንኑ የፍትሐ ብሔር ሂደት አዝጋሚነት ነበር።

መልሳችሁን አውቀዋለሁ፦ «ካላሰርን ይገዳደላሉ»። እውነት አለው፤ ቆላው የመሣሪያ አገር ነው፣ ወሰን ደም ያፋስሳል። የተኮሰ ይታሰር፤ ይዞታ በኃይል መንጠቅም ወንጀል ነው። ደም እንዳይፈስ ከሆነ ግን ሁለቱንም አስቀርቦ ዋስ ማስጠራት ነው እንጂ ቀድሞ ጣቢያ ያልደረሰውን ብቻ ማጎር ምን ይሉታል? የታሰረው ሰው ሲወጣ ሕግ የጎረቤቱ ወገን እንደሆነ ተምሮ ነው የሚወጣው፤ ጠመንጃ የሚያስነሳው ደግሞ ይኸው ነው።

ዐቃብያነ ሕግ ሆይ፣ በሐሰት መወንጀልም ራሱ በወንጀል ያስቀጣል። በመሬት ጉዳይ ሰው አሳስሮ መና የቀረ አመልካች ስንቱ ሲጠየቅ አይታችኋል? አቤቱታው የይዞታ ክርክር ሆኖ ስታገኙት መዝገቡን ዝጉና አመልካቹን ወደ ፍትሐ ብሔር ችሎት ላኩት። ሥልጣኑ በእጃችሁ ነው።

የዚህ ደብዳቤ ግልባጭ ለወረዳ ፍርድ ቤት ዳኞች ይድረስልኝ። መርማሪው ተጨማሪ 14 ቀን ሲጠይቅ የቀረው ምርመራ ምን እንደሆነ ይጠይቁልን። ደብተሩ መሬት ጽሕፈት ቤት ተመዝግቧል፣ ወሰኑ ሜዳ ላይ ነው፣ አዋሳኞቹም ቀበሌው ውስጥ አሉ፤ ተጠርጣሪው ቢለቀቅ የትኛውን ይሸሽገዋል?