የሰው አበባ ለምን የእኛ ይባላል?

በወርኃ ጽጌ የወላይታ ሶዶ ሰው ዓይኑን ወደ ዳሞታ ተራራ ቢያነሣ የራሱን አገር አበባ ያያል። በብዙ የባዕድ መጻሕፍት ግን የኢትዮጵያ የክብር አበባ ካላ ሊሊ ነው ተብሎ ተጽፏል። እኛም ስማችን በበጎ ተነሣ ብለን ዝም አልን። ይሁን እንጂ ሐሰት በምስጋና ቢመጣም ሐሰት ነው።

ስምን መልአክ ያወጣዋል ይባላል፤ ይህን አበባ «ኤቲዮፒካ» ያለው ግን በ1753 እንደ አውሮፓውያን አቈጣጠር ሊኔዎስ የተባለ የስዊድን ሊቅ ነው። እርሱም አገራችንን ማለቱ አልነበረም፤ በጥንቱ የላቲን ቋንቋ ልማድ ኢትዮጵያ ማለት ከግብፅና ከሊብያ ወዲህ ያለው የጥቁር ሕዝብ አገር ሁሉ ነበርና። የአበባው ትውልድ አገር ደቡብ አፍሪካና ጎረቤቶቿ ሌሶቶና ኤስዋቲኒ ናቸው። ሊሊ መባሉም ስሕተት ነው፤ ነጭ አበባ የሚመስለው የተጠቀለለ ቅጠል ሲሆን፣ እውነተኞቹ አበቦች በመካከሉ በቆመው ቢጫ ዘንግ ላይ የተደረደሩት ጥቃቅኖቹ ናቸው።

«አበባ አበባ ነው፤ ምን ይጐዳል?» የሚል ቢኖር ጉዳቱ ሁለት ነው እንለዋለን። አንደኛው፣ ይህ እንግዳ እርጥብ መሬት ይወዳል፤ በምዕራብ አውስትራሊያ ለጌጥ ተተክሎ ሳለ ከአጥር አምልጦ ረግረጉንና የወንዙን ዳር ወረረ፤ ለከብትም መርዝ ነው። ሁለተኛው ይብሳል፤ የሰውን የእኔ ነው የሚል የራሱን ሳያውቅ ይቀራል።

በሸዋና በባሌ ደጋ እንደ ችቦ ቀልቶና ቢጫ ሆኖ የሚቆመውን አሽንዳ ስንቶቻችን እናውቀዋለን? ሊቃውንት ቀድሞ ከሊሊ ወገን ይቈጥሩት ነበር፤ ዛሬ ከእሬት ዘመዶች ጋራ መድበውታል። ከኢትዮጵያ በቀር የትም አይበቅልም። ሥሩን አባቶቻችን ለሆድ ቍርጠት ሲያደርጉት ኖረዋል፤ በ1984 እንደ አውሮፓውያን አቈጣጠርም ኢትዮጵያዊው የኬሚስትሪ ሊቅ ኤርምያስ ዳኜ ከጀርመናዊው ሽቴግሊሽ ጋራ ክኒፎሎን የተባለውን ንጥረ ነገር ከሥሩ አውጥተው ለዓለም አስታወቁ። በእጅ የያዙት ወርቅ ከመዳብ ይቈጠራል ማለት ይህ ነው።

ስም የሌለው ነገር ጠበቃ የለውም። ጨፌ የክረምቱን ዝናም እንደ ሰፍነግ ጠጥቶ በበጋ ጥቂት በጥቂት የሚሰጥ ጎተራ ነው። በቦይ ሲያደርቁት፣ ባሕር ዛፍም ሲተክሉበት አበባው ይጠፋል፤ ምንጩም ይከተለዋል። ከተራራ ግርጌ ለሚኖር ከተማ ይህ የጌጥ ነገር ሳይሆን የውሃ ነገር ነው።

እንግዲህ የወላይታ ሶዶ ዩኒቨርሲቲ መምህራን ከአገር ሽማግሌዎች ጋራ ወደ ዳሞታ ወጥተው የጨፌውን አበባ ሁሉ በወላይትኛ ስሙ ይጻፉልን። ካህናትም ስለ ጽጌ ሲያስተምሩ ጽጌው የሚበቅልበትን መሬት አብረው ያንሡ። ባለርስቱም ቦይ ከመቈፈሩ በፊት ልጁ ነገ ከየት እንደሚጠጣ ያስብ። የሰውን አበባ ለባለቤቱ እንመልስ፤ የራሳችንን እንወቅ፤ ካወቅነውም እንጠብቀው።