ከዐረብ አገር የተላከው ገንዘብ የማን ነው?



በብዙ ቤታችን የማይነሳ አንድ ጥያቄ አለ። እህታችን ከጂዳ፣ ከኩዌት ወይም ከቤይሩት ለዓመታት የላከችው ገንዘብ የማን ነው? ቤቱ የተሠራው፣ ባጃጁ የተገዛው፣ የታናሽ ወንድም የኮሌጅ ክፍያ የተከፈለው በዚያው ገንዘብ ነው። የቤቱ ካርታ ግን በወንድም ስም ነው። እሷ ስትመለስ በላቧ በተሠራው ቤት እንግዳ ትሆናለች። ቡና ይፈላል፣ ጎረቤት «እንኳን ደህና መጣሽ» ይላል፤ ስለ ቤቱ ማንም አያነሳም።

እሷ የማትጠይቀው «ገንዘብ አይታ ከወንድሟ ተጣላች» እንዳይሏት ነው። እናት ልጆቿ እንዳይጋጩ ትፈራለች። ወንድም ደግሞ ነገሩ ከተነሳ ምን እንደሚከተል ያውቃል። ይህን ዝምታ ሰላም እንለዋለን። ሰላም ቢሆን ኖሮ ወንድምና እህት በኢድ ቀን ተኮራርፈው ባልዋሉ፣ እሷም ሦስት ወር ሳትቆይ ተመልሳ ለመሄድ ባልተነሳች ነበር።

በእኔ እይታ ችግሩ ስስት ብቻ አይደለም። ገንዘቡ ሲላክ ምን እንደሆነ አልተነገረም። ስጦታ ነው? ብድር ነው? አማና ነው? የሦስቱ ሐቅ ይለያያል። ለእናቷ ቀለብ ብላ የሰጠችው ስጦታ ነው፤ አጅሩን ከአላህ ታገኛለች። «ቤት ሥራልኝ» ብላ የላከችው ግን አማና ነው። ሱረቱ አን-ኒሳእ 58ኛው አንቀጽ አማናን ለባለቤቱ እንድንመልስ ያዛል። ወንድም መሆን ከዚህ ነፃ አያወጣም።

«በቤተሰብ መካከል ምን ሒሳብ ያስፈልጋል?» የሚል አይጠፋም። ከቁርኣን አንቀጾች ሁሉ ረጅሙ፣ አል-በቀራህ 282፣ ዕዳን ስለ መጻፍ የወረደ ነው። መጻፍ አለመተማመን ቢሆን ኖሮ ለሙእሚኖች ባልታዘዘ ነበር።

የመመለሻው ቀንም ሁልጊዜ በእሷ እጅ አይደለም። በ2006 ዓ.ም. በጥቂት ወራት ውስጥ ከሳዑዲ ከ160 ሺህ በላይ ኢትዮጵያውያን ሲመለሱ አብዛኞቹ ቀኑን የመረጡት ራሳቸው አልነበሩም።

ስለዚህ ባንክ ሄደህ ገንዘቡን የምትቀበለው ወንድሜ ሆይ፣ በዚህ ሳምንት ደውልላት። «እስካሁን የላክሽው ለምን ለምን እንዲሆን ነው የምትፈልጊው?» በላት። የምትለውን በደብተር ጻፈው፣ ፎቶ አንስተህ ላክላት፣ አባትና አንድ ሽማግሌ ይወቁት። ስጦታ ነው ካለች በግልጽ አመስግናት። አማና ነው ካለች ንብረቱ በስሟ እንዲሆን ዛሬውኑ ጀምር። አንቺም እህቴ፣ ከመላክሽ በፊት ተናገሪ፤ ሐቅሽን መናገር ዝምድና መቁረጥ አይደለም።

አላህ ቤተሰቦቻችንን ያስተካክልልን።