ከጃኪ ቻን ጀርባ ያለው «ወፍራሙ»

አቦከር ያደግን ልጆች ኳስም ካራቴም ያየነው በአንድ አግዳሚ ወንበር ላይ ተቀምጠን ነው፡፡ ቪዲዮ ቤቱ ቅዳሜና እሁድ ፕሪሚየር ሊግ፣ በሌላው ቀን ደግሞ የሆንግ ኮንግ ፊልም ይከፍትልናል፡፡ ክርክሩም ያው ነው፡፡ ዛሬ ሄነሪ ወይስ ሩኒ ሲባል ይዋላል፤ ነገ ብሩስ ሊ ወይስ ጃኪ ቻን፡፡ በዚያ ሁሉ ጭቅጭቅ ውስጥ ግን ስሙ የማይነሳ አንድ ሰው ነበር፡፡ «ወፍራሙ» ብለን እናልፈዋለን፡፡

ሰውዬው ሳሞ ሁንግ ይባላል፡፡ የሆንግ ኮንግ የፊልም ሽልማት እ.ኤ.አ. በ2024 የሕይወት ዘመን ተሸላሚ አድርጎታል፡፡ ዘግይቷል ባይ ነኝ፡፡ እንዲያውም (የጃኪ ደጋፊዎች አትቆጡ) እንደ እኔ ከሆነ ሳሞ ከጃኪ ይበልጣል፡፡

በ1952 የተወለደው ሳሞ በልጅነቱ የፔኪንግ ኦፔራ ትምህርት ቤት ገባ፡፡ እዚያ ዘፈኑም፣ ግልበጣውም፣ ድብድቡም በዱላ ነው የሚጠናው፡፡ ጃኪ ቻንና ዩን ቢያኦ አብረውት ተምረዋል፤ ታላቃቸው እሱ ነበር፡፡ ብሩስ ሊ በ1973ቱ «ኢንተር ዘ ድራገን» መጀመሪያ ላይ የሚያሸንፈው ወፍራም ወጣትም እሱ ራሱ ነው፡፡ በ1988 ደግሞ «ፔይንትድ ፌስስ» ላይ ያንን ኃይለኛ መምህሩን ሆኖ ተወነና በምርጥ ተዋናይነት ተሸለመ፡፡ ተገራፊው ገራፊውን ሆኖ መሥራቱ ቀላል ነገር አይደለም፡፡

በኳስ ቋንቋ ሳሞ ተጫዋች አሰልጣኝ ነው፡፡ ኬኒ ዳልግሊሽ በ1986 ሊቨርፑልን እያሰለጠነ ራሱ ቼልሲ ላይ ባገባት ጎል የሊጉን ዋንጫ ወስዷል፡፡ የእኛው መንግሥቱ ወርቁ እንኳ በ1962 ተጫውቶ የአፍሪካን ዋንጫ ካነሳ በኋላ ነው በ1982 ብሔራዊ ቡድኑን እያሰለጠነ ሊቢያ የሄደው፡፡ ሳሞ ግን ከ1977 «ዘ አይረን ፊስትድ መንክ» ጀምሮ ሁለቱንም በአንድ ቀን ይሠራል፡፡ ጠዋት ፍልሚያውን ያቀናብራል፣ ካሜራውን ያስተካክላል፣ ከዚያ ገብቶ ይደባደባል፡፡ ያውም በዚያ ኪሎ!

ባርሴሎና ሲባል ለእናንተ ካምፕ ኑ ነው አይደል? ለእኔ የ1984ቱ «ዊልስ ኦን ሚልስ» ነው፡፡ ሦስቱ የትምህርት ቤት ጓደኞች እዚያው ከተማ ሄደው ሠሩት፡፡ ዳይሬክተሩ ሳሞ ነው፤ በፊልሙም ላይ አለ፡፡ እስከ ዛሬ የሚወራለትን የመጨረሻ ፍልሚያ፣ ከአሜሪካዊው ኪክ ቦክሰር ቤኒ ኡርኪዴዝ ጋር የሚደረገውን፣ ለራሱ ማስቀረት ይችል ነበር፡፡ ለጃኪ ሰጠው፡፡ ፔናልቲ አግኝቶ ኳሷን ለጓደኛው እንደሚያቀብል አምበል ማለት ነው፡፡ እኛም ቪዲዮ ቤት ውስጥ «ጃኪ! ጃኪ!» እያልን ጮህን፡፡ አቀባዩን ማን አየው?

አሜሪካም ሄዷል፤ ከ1998 እስከ 2000 «ማርሻል ሎው» የተባለውን ተከታታይ የቴሌቪዥን ፊልም በዋና ተዋናይነት መርቷል፡፡ ከዚያ በኋላ ብዙ ሰው አበቃለት አለ፡፡

አላበቃም፡፡ «አይፕ ማን 2» በ2010 ወጣ፡፡ ሳሞ በቀረጻው መሀል የልብ ቀዶ ሕክምና ተደርጎለት፣ ከሆስፒታል ሲወጣ ተመልሶ ሥራው ላይ ተገኘ፡፡ ወደ ስድሳ ዓመት እየተጠጋ ጠረጴዛ ላይ ቆሞ ከዶኒ የን ጋር ያደረገውን ፍልሚያ ያላየ ካለ ዛሬውኑ ይፈልግ፡፡ በፊልሙ መጨረሻውን የሚያደርስበት እንግሊዛዊ ቦክሰኛ ነው፡፡ የቦክሰኛውን ቡጢ ያቀናበረውም ራሱ ሳሞ ነው፡፡