መስቀለኛ መንገድ፦ የእህትና የወንድም ታሪክ

ዛሬ ስለ አንድ የጃፓን ፊልም እንጨዋወት።

ፊልም በነጭ መጋረጃ ላይ የሚታይ ተንቀሳቃሽ ሥዕል ነው። ይህኛው ግን ድምፅ የለውም። ሰዎቹ አፋቸው ይንቀሳቀሳል፤ ቃላቸው አይሰማም። ንግግሩ በየመካከሉ በጽሑፍ ይወጣል። በጃፓን ደግሞ ቤንሺ የሚባል ተራኪ ከመጋረጃው አጠገብ ሆኖ ታሪኩን ለተመልካቹ ይናገር ነበር።

የፊልሙ ስም «ጁጂሮ» ነው። መስቀለኛ መንገድ ማለት ነው። ቴይኖሱኬ ኪኑጋሳ የሚባል ሰው በፈረንጆች አቆጣጠር በ1928 ዓ.ም. ሠራው። ታሪኩ ቶኪዮ ገና ኤዶ ትባል በነበረበት በድሮው ዘመን የሆነ ነው።

በኤዶ እህትና ወንድም በድህነት አብረው ይኖራሉ። ወንድም በመዝናኛ ሰፈር የምትሠራ አንዲት ሴት ወደደ። ልቡ ሁሉ እሷ ጋ ሆነ። ሴትየዋን የሚፈልግ ሌላ ሰውም አለ። ሁለቱ ተጣሉ። ያ ሰው በወንድምየው ዓይን ላይ አመድ በተነበት። ዓይኑ ጠፋ። ደሞ «ሰው ገደልኩ» ብሎ ፈራ። ሰውየው ግን አልሞተም ነበር።

እንግዲህ ጭንቁ ሁሉ በእህት ላይ ወደቀ። ወንድሟን ማሳከም አለባት። መደበቅም አለባት። ገንዘብ ግን የላትም። ይህን ያየ አንድ አታላይ «እኔ ሕግ አስከባሪ ነኝ፤ ወንድምሽን ላድነው፤ አንቺ ግን ገላሽን ስጪኝ» አላት። አልሰጥም ብላ ስትከላከል ገደለችው።

ወንድም ዓይኑ ሲበራለት ወዴት ሄደ? ወደዚያችው ሴት ነው የሮጠው! ከጠላቱ ጋር አያት። ደንግጦ ወደቀ፤ ሞተ። እህት ይህን አላወቀችም። በመስቀለኛው መንገድ ላይ ቆማ ትጠብቀዋለች።

ኪኑጋሳ ፊልሙን ይዞ እስከ በርሊን ሄደ። እዚያም ታየ። ጽሑፉ ብቻ ከተተረጎመ፣ የጨነቀው ሰው ፊት በየትም አገር ይነበባል።

እኔን ያሳሰበኝ ይህ ነው። ወንድም ልቡ የፈቀደውን ተከተለ። እህት ለወንድሟ ስትል ሁሉን ቻለች። «አንቺስ ምን ትፈልጊያለሽ?» ብሎ የጠየቃት ግን አንድም ሰው የለም።

የቃላት ፍች
ተራኪ፦ ታሪክ የሚናገር ሰው
አታላይ፦ ያልሆነውን ነኝ የሚል፣ አጭበርባሪ

ጥያቄ
ለቤተሰብ ሲባል የሚከፈል ዋጋ ድንበሩ የት ነው? መልሳችሁን በደብተራችሁ በሁለት መሥመር ጻፉ። ከዚያ ለእህታችሁ ወይም ለወንድማችሁ አንብቡላቸው።

ሳምንት ያገናኘን።