ስለ እኛ የሚጻፈውን መዝገብ ማን ያነበዋል?

ከእኛ መካከል በአንድ መሥሪያ ቤት ስለ እርሱ የተያዘ ፋይል መኖሩን ሰምቶ «ምን ተጽፎብኝ ይሆን?» ብሎ የማይጠይቅ ተማሪ ያለ አይመስለኝም። ይኸው ተማሪ ግን ማታ ማታ ማስታወሻውን በሚገለብጥበት፣ የመመረቂያ ጽሑፉን በሚያዘጋጅበት ኮምፒዩተር ውስጥ በየሰዓቱ መዝገብ ሲጻፍ እያደረ፣ ማን እንደሚጽፈውና ወዴት እንደሚላክ ሲጠይቅ አልሰማሁም። በዚህ መጽሔት ስለ ምግብ ቤቱ ወጥ መቅጠን፣ ስለ መኝታ ቤቱ ውኃ መጥፋት ብዙ ተጽፏል፤ ወደ ፊትም ይጻፍ። ዛሬ ግን የአንባብያንን ትዕግሥት ለምኜ ስለዚህ መዝገብ ጥቂት እናገራለሁ። «የቋንቋ ተማሪ ስለ ኮምፒዩተር ሆድ ዕቃ ምን አገባው?» የሚል እንደሚኖር አውቃለሁ። መዝገብና ጽሕፈት እኛን ካላገባን ማንን ሊያገባ ነው?

ነገሩን ከሥሩ እንያዘው። ዊንዶውስ የምንለው አንድ ወጥ ፕሮግራም አይደለም። በውስጡ ባለሙያዎቹ ዲ.ኤል.ኤል. የሚሏቸው በሺሕ የሚቆጠሩ ፋይሎች አሉ፤ በግርድፉ ሲተረጎም «ሲፈለግ የሚጠራ ቤተ መጻሕፍት» እንደ ማለት ነው። እኛ እያንዳንዳችን ወፍራሙን መዝገበ ቃላት በየጉያችን ከመሸከም ይልቅ ከአንድ መደርደሪያ ተራ በተራ እንደምናነብ ሁሉ፣ ፕሮግራሞችም ለብዙዎች የሚያገለግለውን ሥራ በየግላቸው ከመሸከም ከእነዚህ ፋይሎች ይዋሳሉ። ከእነርሱም ውስጥ አንዳንዶቹ ሥራቸው መቁጠርና መመዝገብ ነው። ዛሬ የማነሣቸው ሁለቱን ነው፤ ሁለቱም ቆጣሪ ይባላሉ እንጂ ባሕርያቸው እጅግ የተራራቀ ነው።

የመጀመሪያው ፒ.ዲ.ኤች. ይባላል። ዊንዶውስ ኤን.ቲ. በ1993 ከወጣበት ጊዜ ጀምሮ (የውጭውን ታሪክ በአውሮፓውያን አቆጣጠር እጠቅሳለሁ) በሥርዓቱ ውስጥ ልዩ ልዩ ቆጣሪዎች አሉ። ፕሮሰሰሩ ከመቶ ስንት እጅ ሥራ እንደ ያዘ፣ ሚሞሪው ምን ያህል እንደ ተረፈው፣ ዲስኩ በሰከንድ ስንት ጊዜ እንደ ተነበበ፣ በኔትወርኩ ምን ያህል እንደ ገባና እንደ ወጣ ይቆጥራሉ። ፒ.ዲ.ኤች. ሌሎች ፕሮግራሞች እነዚህን ቆጣሪዎች በቀላሉ እንዲያነቡ የሚያግዝ ፋይል ነው። ቁጥሩን ለባለቤቱ ያሳያል እንጂ በራሱ ወደ ውጭ የሚልከው ነገር የለም። በአዊ አገር ፈረስ የጋለበ ሰው ይህን ለመረዳት አይቸገርም፤ ዳገቱን ከወጣ በኋላ ወርዶ የፈረሱን ደረት በእጁ ይዳስሳል፣ ትንፋሹን ያዳምጣል፣ ከዚያ በኋላ ውኃ ያጠጣዋል ወይም ያሳርፈዋል። ፒ.ዲ.ኤች. ያ መዳሰሻ እጅ ነው።

ስለዚህ ፋይል አንድ የሚያሳዝን ነገር ሳልናገር አላልፍም። በእኔ አገር በጥርባም ሆነ በእንጅባራና በዳንግላ፣ ማመልከቻ የሚጽፉና ፎቶ ኮፒ የሚያነሡ ትንንሽ ቤቶች አሉ። ኮምፒዩተራቸው አንድ ቀን «እንዲህ የሚባል ዲ.ኤል.ኤል. ጠፍቷል» የሚል ማስታወቂያ ቢያወጣ፣ ብዙ ሰው የሚያደርገው ስሙን ኢንተርኔት ላይ ፈልጎ ከማያውቀው ስፍራ ፋይሉን አውርዶ መለጠፍ ነው። ይህ የቤቱ ቁልፍ የጠፋበት ሰው ከመንገደኛ ቁልፍ እንደ መግዛት ያለ ነው። ፋይሉ የዊንዶውስ የራሱ እስከ ሆነ ድረስ የሚጠገነው በዊንዶውስ በራሱ መጠገኛ ነው። ከመንገድ የመጣው ፒ.ዲ.ኤች. ስሙ ፒ.ዲ.ኤች. ይሁን እንጂ ውስጡ ሌባ ሊሆን ይችላል። የምንሠጋው ከዋናው ፋይል ሳይሆን ስሙን ለብሶ ከሚመጣው ነው።

ሁለተኛው ዳያግትራክ ይባላል። ይህ ሌላ ዓይነት ሠራተኛ ነው። ዊንዶውስ 10 በሐምሌ ወር 2015 ሲወጣ አብሮ የታወቀ ሲሆን፣ ሥራው ስለ ኮምፒዩተሩ የተሰበሰበውን ወሬ በወረፋ አስቀምጦ ወደ ማይክሮሶፍት መላክ ነው። ዛሬ ሁለት ደረጃ አለው። «የግድ» የተባለው የኮምፒዩተሩን ዓይነት፣ ማሻሻያው በትክክል መግባት አለመግባቱን፣ የተበላሸውን ነገርና ይህን የመሰለውን ይይዛል። «በፈቃድ» የተባለው ግን የትኛውን ፕሮግራም እንዴት እንደ ተጠቀምን፣ በራሱ በማይክሮሶፍት ማሰሻ የጎበኘናቸውን ገጾች ሳይቀር ይጨምራል። ከሁሉ ይልቅ ዓይኔን ያፈጠጠው ማይክሮሶፍት ራሱ በግልጽ የጻፈው ነው፦ ፕሮግራም ሲወድቅ በሚሞሪው የነበረው ሁሉ አብሮ ሊላክ ስለሚችል፣ በዚያች ሰዓት ስንሠራበት ከነበረው ጽሑፍ ቁራጭ ሳይታሰብ አብሮ ሊሄድ ይችላል። የመመረቂያ ጽሑፉን በኮምፒዩተር ክፍል የሚጽፍ ተማሪ፣ ወይም ስለ በሽታው ለሐኪም ደብዳቤ የሚያስጽፍ የጥርባ ገበሬ፣ ይህን ማን ነግሮት ያውቃል?

እንግዲህ እዚህ ላይ አንዳንዱ ጓደኛዬ «ነቅለን እንጣለው!» ብሎ ሊነሣ ነው። እኔ ግን ከእርሱ ጋር አይደለሁም። መቁጠር ጥቅም አለው። የማይክሮሶፍት አለቃ የነበረው ስቲቭ ባልመር በ2002 ለደንበኞች በጻፈው ደብዳቤ፣ የስሕተት ሪፖርቶች ተሰብስበው ሲታዩ ከጠቅላላው ብልሽት 80 በመቶውን የሚያደርሱት ከጉድለቶቹ 20 በመቶ ያህሉ መሆናቸውን፣ ከመቶ አንዱ ጉድለት ብቻውን ደግሞ የብልሽቱን እኩሌታ እንደሚያደርስ ገልጿል። ይህ ትልቅ ትምህርት ነው። ሪፖርቱ ባይሰበሰብ ኖሮ መሐንዲሱ የትኛውን አስቀድሞ መጠገን እንዳለበት በግምት ይሄድ ነበር።

ነገር ግን ይህን ሒሳብ አንድ ጊዜ ከእኛ ወገን ሆነን እንየው። ጉድለት የሚጠገነው በብዛቱ ተራ ከሆነ፣ ጥቂት ሰዎች የሚደርስባቸው ጉድለት መጨረሻ ላይ መሰለፉ የግድ ነው። በአማርኛ የሚጽፍ ሰው በዓለሙ ቁጥር ውስጥ ጥቂት ነው። ፊደላችን ወደ ዊንዶውስ የገባው በ2007 ለሕዝብ ከቀረበው ቪስታ ጋር «ኒያላ» በተባለው የፊደል ቅርጽ ነው፤ ስሙም ከደጋችን እንስሳ መወሰዱ ደስ ያሰኛል። ነገር ግን የግዕዝን ፊደል ለአዊኛ የሚጠቀም ሰው እንደ ጘ ያለችውን ፊደል ፈልጎ ሲያጣ፣ የእርሱ ችግር በየትኛው ቁጥር ውስጥ ይገባል? በ2015 ዓ.ም. ክረምት በክልላችን የሞባይል ኢንተርኔት ሲቋረጥና ብዙ ወራት ሲቆይስ? ኔትወርክ ያጣ ኮምፒዩተር መዝገቡን በዲስኩ ላይ ያቆያል፤ ማቆያው ግን ልክ አለው። እነዚያን ወራት በጥርባ የተበላሸው ሁሉ አንድም ሰው ዘንድ ሳይቆጠር የቀረ ይመስለኛል። ስለዚህ የምንገኝበት ሁኔታ እጅግ እንግዳ ነው፤ ሳንጠየቅ እንመዘገባለን፣ መመዝገቡ ሊጠቅመን በሚችልበት ቦታ ደግሞ አንቆጠርም።

ጠያቂ ያለው ግን እንዴት እንደ ሆነ እንመልከት። በፈረንሳይ የግል መረጃን የሚጠብቀው መሥሪያ ቤት በሐምሌ ወር 2016 ማይክሮሶፍትን በይፋ አስጠነቀቀ። ከክሱ አንዱ፣ ኩባንያው በተጠቃሚው ኮምፒዩተር ላይ የተጫኑትን ፕሮግራሞችና በእያንዳንዱ ላይ የጠፋውን ጊዜ ሳይቀር መሰብሰቡ ከሚያስፈልገው በላይ ነው የሚል ነበር። በዓመቱ በሰኔ ወር 2017 መሥሪያ ቤቱ ክሱን ሲዘጋ፣ ማይክሮሶፍት በዝቅተኛው ደረጃ የሚሰበስበውን ወደ ግማሽ የሚጠጋ መቀነሱን ገለጠ። በዚያው ዓመት በጥቅምት የኔዘርላንድስ መሥሪያ ቤት በበኩሉ ዊንዶውስ 10 የአገሩን ሕግ ይጥሳል ሲል አስታወቀ። እንግዲህ ኩባንያው መስማት የተሳነው አይደለም። አንድ መሥሪያ ቤት በሕግ ስም ሲጠይቅ መልስ ሰጥቷል።

እኛስ ሕግ የለንምን? አለን እንጂ! የግል ዳታ ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 1321/2016 ወጥቷል፤ ተቆጣጣሪውም የኢትዮጵያ ኮሙኒኬሽን ባለሥልጣን ነው። አዋጁ የሰው የግል መረጃ ያለ ሕጋዊ ምክንያት እንዳይሰበሰብ፣ ባለቤቱም ስለ እርሱ የተያዘውን እንዲያውቅ ይፈቅዳል። አዋጅ ግን በነጋሪት ጋዜጣ ታትሞ በመደርደሪያ ላይ ሲቀመጥ ምንም አይሠራም፤ የሚሠራው አንድ ሰው ገልጦ «ይህ እኔን ይመለከታል» ያለ እንደ ሆነ ነው።

አሁን ወደ ራሳችን ግቢ ልመለስ፤ ክርክሬ ሁሉ ወደዚህ ሲመጣ ነበርና። አንድ ሰው በቤቱ የገዛውን ሆም ወይም ፕሮ የተባለውን ዊንዶውስ ሲጠቀም «የግድ» የተባለውን ደረጃ የሚዘጋበት ምርጫ አልተሰጠውም። ለድርጅቶችና ለትምህርት ቤቶች የተሠራው ዊንዶውስ ግን መላኩን ጨርሶ የሚዘጋ ቅንብር አለው። ይህ ማለት ለተማሪው ያልተሰጠው ሥልጣን ለዩኒቨርስቲው ተሰጥቶታል ማለት ነው። በኮምፒዩተር ክፍላችን ያሉት መሣሪያዎች በየትኛው ደረጃ ላይ እንደ ተቀመጡ የሚያውቅ ተማሪ አለን? «በፈቃድ» የተባለው ተከፍቶ ከሆነ ፈቃዱን የሰጠው ማን ነው? መሣሪያውን የጫነው ባለሙያ «ይሁን» የሚለውን ቁልፍ ለመቸኮል ሲል ተጭኖት ከሆነ፣ የባለሙያው ጣት የስንት ሺሕ ተማሪ ፈቃድ ሆነች ማለት ነው።

«እኔ የምደብቀው የለኝም» የሚለውን መልስ ደጋግሜ ሰምቻለሁ። ደብቅ ያለህ የለም፤ ጥያቄው ፈቅደሃል ወይ ነው። የምትደብቀው ባይኖርህ እንኳ የምትከፍለው አለህ። ዊንዶውስ የሚከፈልበት ነው ተብሎ በተመዘገበ መስመር ላይ የተለመደውን ወሬ አይልክም፤ ነፃ መስመር ላይ ግን ኮምፒዩተሩ ከመብራት ጋር ተያይዞ ሳለ በየ15 ደቂቃው፣ በባትሪ ሲሆን በየ4 ሰዓቱ ሊልክ እንደሚችል ኩባንያው ጽፏል። ብዙዎቻችን ደግሞ ኢንተርኔት የምናገኘው በብር የገዛነውን የስልክ ጥቅል በዋይፋይ ለላፕቶፓችን በማካፈል ነው። በመስመሩ ቅንብር ውስጥ «የሚከፈልበት» የሚለውን እኛ ራሳችን ካልመረጥን ኮምፒዩተሩ ይህን እንደ ነፃ መስመር ሊቆጥረው ይችላል። ከዚህ መስመር የሚወጣው ወሬ በመጠኑ ትንሽ ይሆናል፤ ትልቁ የሚሆነው አብሮ የሚወርደው ማሻሻያ ነው። ቢሆንም ሒሳቡን የምንከፍለው እኛ ነን። ይህን ቅንብር ዛሬ ማታ መለወጥ ማንንም አምስት ደቂቃ አይፈጅበትም።

ማየት ለሚወድ ደግሞ ማይክሮሶፍት በ2018 የተላከውን መዝገብ የሚያሳይ መመልከቻ አውጥቷል። በግላዊነት ቅንብር ውስጥ ይገኛል፤ ሲከፈት እስከ 1 ጊጋባይት የዲስክ ቦታ ሊወስድ ይችላል። የሚያሳየውም ከተከፈተ በኋላ ያለውን ነው። ጽሑፉ እንደ ቅኔ የተቆለፈ ነው፤ ግን ከቅኔ ቤት ልጆች ይልቅ የሳይንስ ፋኩልቲ ወንድሞቻችን ሊፈቱልን ይችላሉ። አንድ ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ ተሰብስበን፣ እነርሱ እየፈቱ እኛ ወደ አማርኛ እየመለስን ብናነበው፣ በዚህ ግቢ ከተደረጉት ክርክሮች ከብዙዎቹ የተሻለ ይሆን ነበር።

ጊዜው ደግሞ አሁን ነው። ለዊንዶውስ 10 የሚሰጠው የተለመደ ድጋፍ በጥቅምት 14 ቀን 2025 አብቅቷል፤ ስለዚህ በየክፍሉ ያሉት አሮጌ መሣሪያዎች ዛሬ ወይም ነገ መታደሳቸው ወይም መለወጣቸው አይቀርም። ቅንብሩ የሚወሰነው በዚያች ቀን ነው፤ እኛ ብንናገርም ዝም ብንልም ይወሰናል። ለተማሪዎች ማኅበር ሥራ አስፈጻሚ የማቀርበው ሐሳብ፣ የኮምፒዩተር ማዕከሉ የትኛውን ደረጃ እንደ መረጠ በማስታወቂያ ሰሌዳ ላይ በአማርኛ እንዲለጥፍ፣ «በፈቃድ» የሚባለውም በጋራ መሣሪያዎች ላይ እንዲዘጋ በጽሑፍ እንዲጠየቅ ነው። የደብዳቤውን ረቂቅ አዘጋጅቼ በማኅበሩ ጽሕፈት ቤት አኑሬዋለሁ። እስከ ዓርብ ድረስ ለፊርማ ክፍት ነው፤ የምትቃወሙትም ተቃውሟችሁን በጀርባው ላይ ጻፉበት።