የማህሙድን ዘፈን ከፍቶ ቢራ የሚሸጥ ሁሉ ዕዳ አለበት

ማህሙድ አህመድ በጥር 2017 ዓ.ም. በ83 ዓመቱ ሚሊኒየም አዳራሽ ላይ መድረኩን ሲሰናበት ማኅበራዊ ሚዲያው በምስጋና ተጥለቀለቀ። ዕድሜ ይስጥህ ተባለ፣ ባለውለታችን ተባለ። ጥሩ። ባለውለታ ከሆነ ውለታው ይከፈላ!

ሰውየው የማንንም እጅ አይቶ አልኖረም። በ1933 ዓ.ም. አዲስ አበባ፣ መርካቶ ተወለደ። ትምህርቱ አልሆን ሲለው ጫማ ጠረገ። ቆይቶ አሪዞና በሚባለው የምሽት ክበብ ጉዳይ ፈጻሚ፣ ተላላኪ ሆኖ ገባ። የክብር ዘበኛ ኦርኬስትራ ልጆች ከሥራ ሰዓት ውጪ እዚያ ይጫወቱ ነበር፤ አንድ ምሽት ዘፋኝ ሲጠፋ ይህ ተላላኪ «እኔ ልሞክር» አለ። ከዚያ በኋላ ያለውን ሁሉም ያውቀዋል። አብዮቱ እስኪፈነዳ ከክብር ዘበኛ ጋር ሠራ፣ «እረ መላ መላ»ን በሸክላ አሳተመ፣ ያው ሥራ ከአሥር ዓመት በኋላ ቤልጅየም ውስጥ ታትሞ አውሮፓን አስደነቀ፣ እ.ኤ.አ. በ2007 የቢቢሲን የዓለም ሙዚቃ ሽልማት አገኘ። በደርግ ዘመን ግን ይኸው ሰው ፒያሳ ሙዚቃ ቤት ከፍቶ ይነግድ ነበር። ያን የመሰለ ድምፅ ይዞ ሱቅ! ድምፁ ብቻ አያኖርም ነበር ማለት ነው።

አሁን ወደ ሐዋሳ እንምጣ። ቅዳሜ ማታ ከሐይቁ ዳር ሆቴል እስከ መሀል ከተማው ግሮሰሪ፣ ከባጃጅ እስከ ሠርግ አዳራሽ ማህሙድ ይዘፍናል። ሆቴሉ ለመብራት ይከፍላል፣ ለዲጄው ይከፍላል፣ የእንግሊዝ ኳስ ለማሳየት ለዲኤስቲቪ ይከፍላል። ለዘፈኑስ? ደረሰኙን ያሳየን።

ሕግ የለም እንዳይባል ሕጉ አለ። አዋጅ ቁጥር 410/1996 የደራሲውን፣ የዘፋኙንና የአሳታሚውን መብት ደነገገ። ማሻሻያው፣ አዋጅ ቁጥር 872/2007፣ ሥራውን ለንግድ የሚጠቀም ሁሉ ሮያሊቲ እንዲከፍልና ክፍያውም በጋራ አስተዳደር ማኅበር በኩል እንዲሰበሰብ መንገድ ከፈተ። ይህ ከወጣ አሥር ዓመት አልፎታል።

«እኛ እኮ እያስተዋወቅንለት ነው» የሚሉ አሉ። እስቲ አሞራ ገደል ወርደው ለዓሣ አጥማጁ «ቆሮሶህን እያስተዋወቅሁልህ ስለሆነ በነፃ ስጠኝ» ይበሉት። መልሱን እዚያው ያገኙታል። «ሲዲውን ገዝቻለሁ» የሚለውም አያስኬድም፤ የገዛው ቤቱ ሊያዳምጠው ነው እንጂ ጠረጴዛ ሊሞላበት አይደለም።

ሦስተኛው ሰበብ ግን ሊናቅ አይገባም፦ ገንዘቡ ዘፋኙ እጅ አይደርስም። በዚህ አገር ማኅበርን መጠርጠር ኃጢአት አይደለም። ስለዚህ ሰብሳቢው አካል ከየትኛው ከተማ ምን ያህል እንደሰበሰበ፣ ለማን ስንት እንዳከፋፈለ በየዓመቱ በይፋ ያውጣ። የሚጠረጠር ሒሳብ ይመረመራል እንጂ አይቀርም። ውሃና ፍሳሽን የሚጠረጥር ሰውም ቢሆን የውሃውን ይከፍላል።

ደግሞ ነገሩ የማህሙድ ብቻ አይደለም። እሱ ፓሪስ አለው፣ ዋሽንግተን አለው። በሲዳምኛ የሚዘፍነው ወጣት ያለው ሐዋሳ ብቻ ነው። ለፍቼ ጨምበላላ ጉዱማሌ በሰው ሲሞላ ከተማው ሙሉ የእሱን ዘፈን ይከፍታል፤ ሆቴሉ አልጋ ይሸጣል፣ ባጃጁ ታሪፍ ይጨምራል፣ ፎቶ አንሺው ይሠራል። የዘፈኑ ባለቤት ግን በዓሉ ሲያልፍ ስቱዲዮ የሚከፍለውን ይበደራል። ግጥምና ዜማ የሠሩለትማ ስማቸውም አይነሳ። ይህ ልጅ ሲታመም ምን እንደሚሆን ደግሞ ከወዲሁ ይታወቃል፤ የባንክ ሒሳብ ቁጥር ይለጠፍና «እንድረስለት» ይባላል። ያኔ መቶ ብር የሚልከው ሰው ለዓመታት በነፃ ሲጨፍርበት የኖረው ራሱ ነው።

የሐዋሳ ከተማ አስተዳደር አዲስ ሕግ ማውጣት አይጠበቅበትም። የሆቴል፣ የባርና የምሽት ክበብ ንግድ ፈቃድ በየዓመቱ ይታደሳል። እድሳት ላይ የግብር ክሊራንስ ይጠየቃል፤ የሮያሊቲ ደረሰኝም አብሮ ይጠየቅ። ለግሮሰሪው ትንሽ፣ ለባለ ኮከቡ ከፍ ያለ። ሐምሌ ላይ እድሳት ይጀመራል፤ ፋይሉ እስከዚያ ይዘጋጅ።